ከሴፍቲኔት የተመረቀ ቤት፤ የአንድ የድሬዳዋ ቤተሰብ ጉዳይ

ስለ ማኅበራዊ ዋስትና ስናወራ ብዙ ጊዜ ከላይ እንጀምራለን። ፖሊሲ፣ በጀት፣ የዓለም ባንክ። ከአንድ ቤት ደጃፍ ሆኖ ሲታይ ነገሩ ሌላ መልክ አለው። ስለዚህ አንድ ቤት ብቻ ልውሰድ። ከ2008 ዓ.ም. ወዲህ መንግሥት በየትኛው በር እንደገባበትና በየትኛው እንደወጣ ልከተል።

ቤቱ ድሬዳዋ ነው፤ ከደቻቱ ወንዝ ብዙ አይርቅም። የቤተሰቡን ስም አልጽፍም፣ ቀበሌውንም አልጠራም። ድሬ ትልቅ ከተማ ብትመስልም ሰው ለሰው ይተዋወቃል። እናትየዋን እኔ እትዬ ነው የምላቸው፤ እዚህም እንደዛው ይቀጥል። ቤቱ ውስጥ አምስት ሰው አለ፦ እትዬ፣ ሦስት ልጆች እና የባላቸው እናት። አባወራው በ2008 ዓ.ም. አረፉ። የበኩር ልጃቸው ያኔ 17 ዓመቱ ነበር።

አባወራው በአንድ የግል ድርጅት ጥበቃ ነበሩ። ከ15 ዓመት በላይ አንድ በር ላይ ቆመዋል። ድርጅቱን የምወቅስበት ነገር የለኝም። ደሞዝ በጊዜው ይከፍል ነበር፤ ሕጉ ሲመጣም ጡረታ ቆርጦ አስገብቷል። ችግሩ ሕጉ የመጣበት ጊዜ ነው። የመንግሥት ሠራተኛ ከንጉሡ ዘመን ጀምሮ ጡረታ ነበረው። የግል ድርጅት ሠራተኛ ግን በአዋጅ ጡረታ ያገኘው በ2003 ዓ.ም. ነው፤ አዋጅ ቁጥር 715። ከዚያ በፊት አንዳንዱ ድርጅት ፕሮቪደንት ፈንድ (ሠራተኛው ሲወጣ በአንዴ የሚሰጠው የቁጠባ ገንዘብ) ነበረው፣ ብዙው ምንም አልነበረውም። የእሳቸው ድርጅት ምንም ከሌላቸው ነበር።

የጡረታ አበል ለማግኘት ቢያንስ 10 ዓመት አገልግሎት ያስፈልጋል። 10 ዓመት የሞላው ሰው የደሞዙን 30 በመቶ ይይዛል፤ ከዚያ በላይ በየዓመቱ እየተጨመረ እስከ 70 በመቶ ይሄዳል። ሲሞት ሚስቱ የአበሉን ግማሽ፣ እያንዳንዱ ልጅ ደግሞ 20 በመቶውን ያገኛል። ጥሩ ሕግ ነው። እዚህ ቤት ግን አልሠራም። ሰውየው በር ላይ የቆሙት ከ15 ዓመት በላይ ነው፤ መዝገብ ላይ ያለው ግን አምስት እንኳ አልሞላም። ስለዚህ ለቤተሰቡ የደረሰው የወር አበል ሳይሆን አንድ ጊዜ የሚከፈል ዳረጎት ነው። እትዬ ገንዘቡን ለዱቤና ለልጆች ትምህርት አዋሉት። ክረምቱ ሳይወጣ አለቀ።

መዋጮ ላይ የቆመ ጡረታ ሲጀመር እንዲህ ዓይነት ሰው መውደቁ አይቀርም። አንድ ቀን መጀመር አለበት፣ ከዚያ ቀን በፊት የሠራ ሰው ደግሞ ይቀራል። አንዳንድ አገር ይህን ቀዳዳ ሆን ብሎ ደፍኖታል። እንግሊዞች በ1908 እ.ኤ.አ. ያወጡት የመጀመሪያ የጡረታ ሕግ ምንም መዋጮ አይጠይቅም ነበር። ዕድሜው 70 የሞላ ድሃ ሽማግሌ በሳምንት 5 ሺሊንግ ከመንግሥት ግምጃ ቤት ይቆረጥለት ነበር። መዋጮው ከዓመታት በኋላ ነው የመጣው። እኛ ጋ ያልከፈለ አይጦርም። ጥበቃው በር ላይ፣ ዳቦ ጋጋሪው ምድጃ ላይ፣ ጉሊት የምትውለው ሴት ፀሐይ ላይ የቆዩበት ዕድሜ የትም አልተጻፈም።

እድሩ የደረሰበትና ያልደረሰበት

ቀብሩን የሸፈነው እድሩ ነው። ድንኳን፣ ወንበር፣ ድስት፣ ገንዘቡም በዚያው ሳምንት። ጎረቤት ያሉት የአፎቻ (እድርን የመሰለ የመረዳጃ ማኅበር) ሴቶችም «የእኛ አባል አይደሉም» ብለው አልቀሩም፤ ምግብ ይዘው መጡ። ድሬ እንዲህ ናት። ማንም ማመልከቻ አላስጻፈም፣ ማንም ማኅተም አልጠየቀም። በፍጥነት እድርን የሚያህል መሥሪያ ቤት እስካሁን አላየሁም።

ግን እድር የተሠራው ለሞት ነው። ከአርባው በኋላ ለሚመጣው ወር ደንብ የለውም። ለደብተር፣ ለሽሮ፣ ለአማት የስኳር መድኃኒት አያወጣም። «እኛ ኢትዮጵያውያን መደጋገፍ አለን፣ የፈረንጅ ዓይነት ድጎማ አያስፈልገንም» የሚሉ ሰዎች አሉ። ሀዘን ቤት ውለው ይሆናል፤ ሀዘኑ ካለቀ በሦስተኛው ወር ግን ያቺን ቤት አላዩዋትም። ጎረቤት አንድ ቀን ይሰጣል፣ ሁለት ቀን ይሰጣል። በየወሩ እንዳይሰጥ ግን እሱም ድሃ ነው።

ስለ ወር ወጪ ካነሳሁ ስለ ቤቱም ልበል። ቤቱ የቀበሌ ነው። በ1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ሲያደርግ ኪራይም ቀንሷል፤ ቅናሹ ከ15 እስከ 50 በመቶ ነበር። ከዚያ ወዲህ የብሩ ዋጋ ወረደ፣ ኪራዩ ግን ባለበት ቀረ ማለት ይቻላል። ባላቸው ሲሞቱ እትዬ የሚከፍሉት የወር ኪራይ ለአምስት ሰው የአንድ ቀን ሽሮ አይገዛም ነበር። ማንም ይህን ድጎማ ብሎ አይጠራውም። ሪፖርት ላይም አይገባም። በእኔ ግምት ግን ለዚህ ቤተሰብ መንግሥት ካደረገው ሁሉ ትልቁ ይሄ ነው። ያ ጣሪያ ባይኖር ኖሮ የቀረው ታሪክ በሙሉ ሌላ ይሆን ነበር።

ጉድለቱም አብሮት አለ። ጣሪያው ያፈሳል። ከሁሉ በላይ ደግሞ ይህ ድጎማ የደረሰው ዕድል ለደረሰው ነው እንጂ ለባሰበት አይደለም። ከእሳቸው የባሰች ጎረቤት በግለሰብ ግቢ አንዲት ክፍል ተከራይታ፣ በየስድስት ወሩ ጭማሪ እየፈራች ታድራለች።

ሴፍቲኔት

ሴፍቲኔት ድሃ ቤተሰብ በልማት ሥራ ወይም በቀጥታ ገንዘብ የሚደገፍበት የመንግሥት ፕሮግራም ነው። የገጠሩ በ1997 ዓ.ም. ነው የተጀመረው። የድሬዳዋ የገጠር ቀበሌዎች ከጥንት ያውቁታል። የከተማው የመጣው በ2009 ዓ.ም. ነው። በ11 ከተሞች ተጀመረ፤ ድሬዳዋና ሐረር ሁለቱም ነበሩበት። ከዓለም ባንክ 300 ሚሊዮን፣ ከመንግሥት 150 ሚሊዮን ዶላር ተመደበ። ዕቅዱ 604 ሺህ ሰው መድረስ ነበር። ቁጥሩ ትልቅ ይመስላል። በእነዚያ ከተሞች ከድህነት ወለል በታች ከሚኖረው ሰው ግን ከግማሽ ትንሽ ቢበልጥ ነው።

ግማሽ ብቻ የሚበቃ ነገር ሲመጣ አንድ ሰው መምረጥ አለበት። የሚመርጠው የቀጠና ኮሚቴ ነው፣ ማለትም ሰፈሩ ራሱ። ዝርዝሩ ይለጠፋል፣ ቅሬታ ያለው ይናገራል። ይህ አሠራር ጥሩ ጎን አለው። ማን ቤት እሳት እንዳልነደደ ከጎረቤት በላይ የሚያውቅ የለም። ክፋቱ ጎረቤት ብዙ ነገር ማወቁ ነው። እትዬ ሲመዘገቡ አንዱ «ልጃቸው ደርሷል፣ ወጥቶ ይሥራ» አለ። ሌላዋ የባሰ ነገር አመጣች፦ «ዳረጎት በልተዋል እኮ!» ገንዘቡ ካለቀ ቆይቷል፤ ወሬው ግን አላለቀም። የመጀመሪያው ዝርዝር ላይ ስማቸው አልነበረም። ቅሬታ አስገብተው፣ ቤታቸው ታይቶ፣ በኋላ ገቡ። እዚህ ላይ ልብ በሉ። ከጡረታ በር የወጣው ገንዘብ የሴፍቲኔትን በር ሊዘጋባቸው ነበር። ሁለቱ መሥሪያ ቤቶች መረጃ ተለዋውጠው ሳይሆን በሰፈር ወሬ።

ቤቱ ውስጥ መሥራት የሚችል ሰው ስላለ የተመዘገቡት ሳይሠሩ በሚከፈለው ቀጥተኛ ድጋፍ ሳይሆን በልማት ሥራ ነው። ሒሳቡ እንዲህ ነበር። ከአንድ ቤት የሚታሰበው ቢበዛ አራት ሰው ነው። በመጀመሪያው ዓመት ለእያንዳንዱ ሰው 60 ቀን፣ በሁለተኛው 40፣ በሦስተኛው 20። የቀኑ ክፍያ ሲጀመር 60 ብር። ለአራት ሰው ሲባዛ በመጀመሪያው ዓመት በወር 1,200 ብር ይመጣል። በሁለተኛው 800። በሦስተኛው 400። ከየወሩ 20 በመቶው ለቁጠባ ይቀመጣል። እነሱ አምስት ናቸው፤ ስለዚህ አማትየዋ በሒሳቡ የሉም። በሽታቸው ግን የቤቱ ትልቁ ወጪ ነበር።

ክፍያው ሆን ተብሎ ከገበያው የቀን ሥራ ዝቅ እንዲል ነው የተተመነው፤ ሌላ አማራጭ ያለው ሰው እንዳይመጣ። እትዬና የበኩር ልጃቸው ተከፋፍለው ሠሩት። ሥራው በጠዋቱ ነው የሚጀመረው። ድሬን የሚያውቅ ሰው ለምን እንደሆነ አይጠይቅም፤ ከረፋዱ አራት ሰዓት በኋላ አስፋልት ላይ መጥረጊያ መያዝ ቅጣት ነው። መንገድ ጠረጉ፣ ቦይ አጸዱ፣ ችግኝ ተከሉ፣ ደቻቱ ዳር ድንጋይ ደረደሩ። በ1998 ዓ.ም. ክረምት ደቻቱ ሞልቶ ከ200 በላይ ሰው ገድሏል። ስለዚህ ያ ድንጋይ ለዚህ ሰፈር የይስሙላ ሥራ አልነበረም።

መጀመሪያ ሰሞን እትዬ ሻርፓቸውን እስከ ዓይናቸው ይጠቀለሉ ነበር። ሰው እንዳያያቸው። ከጥቂት ወር በኋላ ተዉት። ለምን እንደተዉት ስጠይቃቸው «አቦ ተወኝ! ሁሉም ሰፈሬ ነው፣ ከማን ልደበቅ? ደግሞ ሠርቼ ነው የምበላው» አሉኝ። ይህ ከገንዘቡ እኩል የሚቆጠር ይመስለኛል። ገንዘቡ በወር ይመጣል፣ በስማቸው ባንክ ይገባል፣ ማንንም አያመሰግኑበትም። በሕይወታቸው የመጀመሪያው የባንክ ደብተር ያ ነው። ባለሱቁም ዱቤ የሚሰጣቸው ያንን አይቶ ነው።

ጥቅሙ ለተመዘገበው ሰው ብቻም አይደለም። አዲስ አበባ ላይ ወረዳዎቹ በዕጣ ተራ በተራ ስለገቡ ተመራማሪዎች የገባውን ካልገባው ማነጻጸር ችለው ነበር። ካገኙት አንዱ፣ ሰዎች ለሴፍቲኔት ሥራ ሲወጡ በግሉ ገበያ የቀን ሠራተኛ ክፍያ መጨመሩ ነው። ያልተመዘገበው ድሃም በዚያ በኩል ተጠቀመ ማለት ነው። ሰፈሩም ጸዳ።

ድክመቱ ያለው ሌላ ቦታ ነው። ድጋፉ የሚቀንሰው በካሌንደር ነው። 60፣ 40፣ 20። ሐሳቡ ገባኝ። በሁለተኛው ዓመት የንግድ ሥልጠናና መነሻ ገንዘብ ይመጣል፤ ስለዚህ የቀን ሥራው ሲቀንስ የራስ ሥራው ይተካዋል ነው ነገሩ። መነሻው የ500 ዶላር ያህል ብር ነው፣ የማይመለስ። እትዬ ሳምቡሳና ሻይ ብለው ዕቅድ አስገቡ። ነገር ግን መነሻው ዘገየ። የሥራ ቀኑ ግን አልዘገየም፤ በጊዜው ቀነሰ። በ1,200 የለመደ ቤት በ800 ወራት ጠበቀ። ሁለተኛዋ ልጅ ያኔ ነው ለአንድ መንፈቅ ከትምህርት የቀረችው።

ገንዘቡ ሲመጣ ግን ሥራው ሠመረ። ድሬ ውስጥ ሳምቡሳ ገበያ አያጣም። በረመዳን ማታ ማታ ሰልፍ ነበር። ከቁጠባው ጋር አንድ ላይ አድርገው መጥበሻ፣ ምድጃ፣ ላስቲክ መጠለያ ገዙ። በዚያ ላይ ዕቁብ ገቡ። 2011 ዓ.ም. የዚህ ቤት ጥሩ ዓመት ነው። ያኔ የጎበኛቸው ሰው ለሪፖርቱ ጥሩ ፎቶ አያጣም ነበር።

በ2012 ዓ.ም. ሦስት ዓመታቸው ሞላና ተመረቁ፤ ማለትም ከሴፍቲኔት ወጡ። መጋቢት ላይ ኮሮና ገባ። ሻይና ሳምቡሳ የሚበላው ሰው ከመንገድ ጠፋ። የሚገርመው ነገር፣ መንግሥት በዚያ ወቅት ለሴፍቲኔት ተጠቃሚዎች የሦስት ወር ክፍያ ቀድሞ ሰጠ፣ ሥራውንም አስቀረላቸው። ፈጣንና ጥሩ ውሳኔ ነበር። ዝርዝሩ፣ ባንኩ፣ መዋቅሩ አስቀድሞ ስለነበረ ነው የተቻለው። ግን የደረሰው ዝርዝሩ ላይ ላለ ሰው ነው። በሁለተኛው ዙር የገባችው ጎረቤት አገኘች። እትዬ ከተመረቁ ገና ሁለት ወር አልሞላቸውም። ቀበሌ ሄደው ሲጠይቁ «አንዴ የወጣ አይመለስም» ተባሉ። በቀጣዩ ዓመት አዲሱ ምዕራፍ በሌላ 400 ሚሊዮን የዓለም ባንክ ዶላር ወደ ብዙ ከተሞች ሲሰፋም መልሱ ያው ነበር። ለመልሱ ምክንያት አለው። ያልደረሰው ሰው ብዙ ነው። እኔ የምጨቃጨቀው ሌላ ነገር ላይ ነው፦ የተመረቀ ቤት ድንገት ሲወድቅ የሚያንኳኳው በር አለመኖሩ ላይ።

ከዚያ ደግሞ ዘይት መጣ። በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ነበር፤ ዘይት ከሁሉ ቀድሞ ወጣ። ለሳምቡሳ ነጋዴ ዘይት ማለት ሥራው ራሱ ነው። እትዬ ሳምቡሳውን አሳነሱት፣ ቀጥሎ ዋጋ ጨመሩ፣ ቀጥሎ ሳምቡሳውን ትተው ሻይና ዳቦ ብቻ አደረጉት። አሁንም ሻይና ዳቦ ነው።

የአማትየዋ ስኳር

አማትየዋ የስኳር ሕመምተኛ ናቸው። መጀመሪያ ላይ ከቀበሌ በሚሰጥ የነጻ ሕክምና ወረቀት ይታከሙ ነበር። በኋላ የማኅበረሰብ አቀፍ ጤና መድህን ተተካ። ቤተሰቡ በዓመት አንድ ጊዜ ይከፍላል፣ ከዚያ ዓመቱን ሙሉ ይታከማል። መክፈል የማይችል ድሃ ደግሞ ተለይቶ መንግሥት ይከፍልለታል። እኔ ከዚህ ሁሉ የምወደው ይህን ነው። አንድ የሆስፒታል አልጋ አንድን ቤት ለአሥር ዓመት ዕዳ ሊከት ይችላል፤ መድህኑ ያንን ያስቀራል። በ2015 ዓ.ም. አማትየዋ እግራቸው ቆስሎ ሲተኙ ቤቱ ለአልጋም ለቁስል ማጽዳትም አልከፈለም። መድህኑ ባይኖር ለመክፈል መጥበሻና ምድጃው ይሸጥ ነበር።

ታዲያ ማን ነው ድሃ? እዚህ ላይ የሴፍቲኔት ምርቃት ተመልሶ መጣባቸው። የመድህኑ ድሃ ልየታ ሲደረግ «የራሳቸው ሥራ አላቸው፣ ተመርቀዋል» ተባለ። ስለዚህ ከፋይ ሆኑ። ዕድሜው 18 ያለፈ ልጅ ደግሞ ተጨማሪ ክፍያ አለው። እትዬ አይከፈልም አላሉም። የሚሉት ሌላ ነው፦ ክፍያው የሚጠየቀው አንድ ወቅት ላይ በአንዴ ነው፤ ያ ወቅት ደግሞ ሥራ የሚቀዘቅዝበት ነው። በዚያ ዓመት የከፈሉት ከዕቁብ ነው። ዕቁቡ ባይደርሳቸው ኖሮ መድህን አልነበራቸውም።

ሌላው መድኃኒት ነው። ካርዱ አለ፣ ሐኪሙ አለ፣ ማዘዣው አለ፣ ኢንሱሊኑ ግን ከሆስፒታሉ መድኃኒት ቤት «አልቋል» ይባላል። ከውጭ ግዙ፤ ደረሰኝ አምጡ፤ ይመለስላችኋል። የሚመለሰው ገንዘብ እስኪመለስ ድረስ ግን የሚገዛው በምን ነው? በተለይ ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. ወዲህ፣ ብሩ በገበያ ዋጋ እንዲመነዘር ከተደረገ በኋላ፣ ከውጭ የሚገባ መድኃኒት ዋጋው የሚነገር አይደለም።

ይህን ሁሉ ስሰማ ያስገረመኝ አንድ ነገር ነው። ለዚህ ቤት የተዘረጋው ነገር ጥቂት አይደለም። ጡረታ፣ የቀበሌ ቤት፣ ሴፍቲኔት፣ መነሻ ገንዘብ፣ መድህን። እያንዳንዱ በየራሱ ሥራውን ይሠራል። አንዱ ግን ሌላውን አያውቀውም። የሴፍቲኔቱ መዝገብ ሲዘጋ የመድህኑ መዝገብ ይህን ቤት ለሁለት ዓመት እንኳ በድሃነት ቢይዘው ምን ነበረበት? ሁለቱም ዝርዝር እዚያው ቀበሌ ነው ያለው። በመሃል ወረቀት እየያዙ የተመላለሱት እትዬ ናቸው። በተመላለሱ ቁጥር ሻይ ቤቱ ይዘጋል።

ገንዘብ የለም የሚለው መልስ እውነት አለው። የአገራችን የታክስ ገቢ ከጠቅላላ የአገር ውስጥ ምርት አንጻር ሲታይ ከ10 በመቶ በታች ነው። ዴንማርክን የመሰሉ አገሮች ከ40 በመቶ በላይ ይሰበስባሉ። የእነሱን ድጎማ እየተመኙ የእኛን ግብር መክፈል አብሮ አይሄድም። ድሬ ላይ ሆኖ ይህን መጻፍ ትንሽ ያስቃል። የከተማዋ ግማሽ ጨዋታ ታይዋን የሚባለው ገበያ ነው፤ እዚያ የሚሸጠው ጨርቅና ስልክ በየትኛው ኬላ እንደገባ ማን ይጠይቃል? እኔም ጫማዬን የገዛሁት እዚያ ነው። ርካሹ ዕቃ ለእትዬ ልጆች ልብስ ሆኗል፣ ያልተከፈለው ቀረጥ ደግሞ የኢንሱሊኑ ነበር። ሁለቱም እውነት ነው፣ የትኛው እንደሚያመዝን ለመፍረድ አልቸኩልም።

የበኩር ልጅ አሁን ባጃጅ ይነዳል። የሰው ባጃጅ ነው። ማታ ለባለቤቱ የቀኑን ገቢ ያስረክባል፣ የተረፈው የራሱ ነው። የቤቱ ዋና ገቢ እሱ ነው። እንደ አባቱ ሳይሆን ወጣት ሆኖ፣ ሕጉ ወጥቶ ካለቀ በኋላ ነው ሥራ የጀመረው። መዝገብ ላይ ግን የለም። የጡረታ መዋጮ ዛሬ 7 በመቶ ከሠራተኛው፣ 11 በመቶ ከአሠሪው ነው። ከዚህ በኋላ ከፍለህ በ60 ዓመትህ ትጦራለህ ቢሉህ 7ቱን ትከፍላለህ ወይ አልኩት። ቁጥሩን አስቦ፣ ይከብደኛል ግን እከፍላለሁ አለኝ።

«አሥራ አንዱን ግን ማን ይከፍልልኛል? ባለባጃጁ እኮ ቀጥሮኝ አይደለም፤ እኔ ነኝ ለሱ የምከፍለው።»